የፕሌይስቴሽን ሴቭ በፍላሽ ስለ መገልበጥ
(የመዝናኛ ክፍል ኮሚቴ በተማሪዎች ኅብረት አዳራሽ ያደረገው ንግግር)




ኮሚቴያችን በዛሬው ምሽት ስለ ጨዋታ መሣሪያ እንዲናገር ሲጠየቅ ከመካከላችን ሁለቱ አፍረው ነበር። ባለፈው ወር ስለ አፈር መሸርሸር የተናገሩት መምህራችን ከቆሙበት ስፍራ ላይ ቆሞ ስለ ፕሌይስቴሽን ማውራት የሚያስቅ መስሎ ታይቷቸዋል። ነገር ግን በመዝናኛ ክፍሉ የደረሰውን አብዛኞቻችሁ ሰምታችኋል። ያልሰማችሁም ብትኖሩ የሦስተኛው ሕንጻ ጓደኞቻችን አንድ ሳምንት ሙሉ ሰላምታ እንደ ነፈጉን ሳታዩ አልቀራችሁም። ስለዚህ የሆነውን እንዳለ እንነግራችኋለን፤ ጥፋቱም የራሳችን ስለ ሆነ አንሸፋፍነውም። በንግግራችን የምንጠቅሳቸው ዘመኖች ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናሳስባለን።

የመዝናኛ ክፍሉ ፕሌይስቴሽን 4 ተመርቀው የወጡ ተማሪዎች ትተውልን የሄዱት ነው። በላዩ ሦስት ተጠቃሚዎች ተመዝግበው ነበር። አንደኛው ከኮሚቴያችን አባላት የአንዱ ነው፤ ሁለተኛው ከሁለት ዓመት በፊት ተመርቆ የሄደ ጓደኛችን የከፈተው ነው፤ ሦስተኛው የማንም ሰው ስም አልነበረም፤ «ሦስተኛ ሕንጻ» ብቻ ይባል ነበር። በዚህ በመጨረሻው ስም የተጀመረው የፊፋ «ካሪየር» ዘጠነኛ ወቅቱ ላይ ደርሶ ነበር። ከእንግሊዝ አራተኛ ደረጃ የተነሣው ትንሽ ክለብ በነሱ እጅ አድጎ አንደኛው ዲቪዚዮን ገብቷል። ማክሰኞ አንዱ ያሠለጥናል፤ ሐሙስ ሌላው ተጫዋች ይገዛል፤ ይሸጣል፤ የግብ አግቢዎቹ ዝርዝርም በእጅ ተጽፎ በበሩ ጀርባ ይለጠፋል። በመጀመሪያው ዓመት አንድ ክፍል ውስጥ እያደሩ ሳይነጋገሩ የከረሙ ሁለት ጓደኞቻችን በዚህ ክለብ አሠልጣኝና ረዳት ሆነው ነው የተዋወቁት።

በጥር ወር አንድ ምሽት መብራት ጠፋ። ሲመለስ መሣሪያው አልነሣም አለ። ጠጋኙ ከፍቶ ተመለከተና ዋናው ቦርድ ተቃጥሏል ብሎ መለሰልን። እኛ ግን እምብዛም አልደነገጥንም፤ ከገና በፊት የመሣሪያውን ሁለንተና በኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ላይ ባክአፕ አድርገን አስቀምጠን ነበርና። እንዲያውም አንዳንዶቻችን «አላልናችሁም?» ማለት ጀምረን ነበር። ገንዘብ ተዋጣ፤ ሌላ ያገለገለ ፕሌይስቴሽን 4 ተገዛ፤ ዲስኩ ተሰካ፤ «ሪስቶር» የሚለው ተነካ። ከረጅም ጥበቃ በኋላ ጨዋታዎቹ መጡ፤ የተነሡት ሥዕሎች መጡ፤ ሦስቱም ስሞች መጡ። የሦስተኛው ሕንጻ ዘጠኝ ወቅት ግን አልመጣም።

ምክንያቱን ለማግኘት መመሪያውን ሦስት ቀን አገላበጥነው። ነገሩ እንዲህ ነው። በፕሌይስቴሽን 4 ላይ ተጠቃሚ የሚመዘገበው በሁለት መንገድ ነው። አንደኛው በዚያው መሣሪያ ላይ ብቻ የሚኖር ስም ሲሆን፣ ሁለተኛው ከፕሌይስቴሽን ኔትወርክ አካውንት ጋር የተያያዘ ስም ነው። በጨዋታ ጊዜ ሁለቱ አይለዩም። የሚለዩት መሣሪያው የሞተ ዕለት ነው። ከአካውንት ጋር ያልተያያዘ ተጠቃሚ ሴቭ ወደ ወጣበት መሣሪያ ብቻ ይመለሳል እንጂ ወደ ሌላ አይገባም። የተያያዘው ግን ባለቤቱ በአዲሱ መሣሪያ ላይ በዚያው አካውንት ሲገባ ይከፈታል። እንግዲህ ቅጂው በእጃችን ነበር፤ ዛሬም በኅብረቱ ቁም ሣጥን ውስጥ አለ፤ የሚያነበው መሣሪያ ግን የተቃጠለው ብቻ ነው። ይህ ሁሉ በመመሪያው ላይ በግልጽ ተጽፏል። ያላነበብነው እኛ ነን።

የሁለተኛው ተጠቃሚ ነገር ደግሞ ሌላ ትምህርት ሰጠን። አካውንቱ የተመራቂው ጓደኛችን ስለ ነበር፣ ዛሬ በሐዋሳ ሥራ ላይ ያለውን ሰው በስልክ ፈልገን አገኘነው። ኢሜይሉን ያስታውሳል፤ የይለፍ ቃሉን ግን ረስቶታል። በኢሜይሉ በኩል አዲስ የይለፍ ቃል አውጥቶ ነገረን፤ እኛም የግቢው ኢንተርኔት ፋታ በሚያገኝበት ከሌሊቱ 7 ሰዓት ላይ ገባን። ሁሉም ነገር እንደ ነበረ ተገኘ። እርሱ ከሄደ በኋላ በስሙ የተጫወቱት የሁለት ዓመት ተማሪዎች ሥራም አብሮ ተመለሰ። ስልክ ቍጥሩን ቀይሮ ቢሆንስ ኖሮ? ያን ያህል ሰው የደከመበት ነገር በአንድ ሰው ኢሜይል ላይ ተንጠልጥሎ እንደ ነበር ያወቅነው ያን ሌሊት ነው።

ነገሩ ከጥንት እንዲህ አልነበረም። በ1994 የወጣው የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን ሴቭ የሚያስቀምጠው 128 ኪሎባይት በምትይዝ፣ በ15 ክፍል በተከፈለች ሜሞሪ ካርድ ላይ ነበር። በ2000 የወጣው ፕሌይስቴሽን 2 ይህን ወደ 8 ሜጋባይት አሳደገው። ታላላቆቻችን በየሰፈሩ ፕሌይስቴሽን ቤት ሲጫወቱ ያደጉት በዚህ ነው። ካርዷን ነቅሎ በኪስ ከትቶ ጎረቤት መሄድ ነው፤ ማንነትህን የሚጠይቅ የለም፤ ካርዷ የያዛት ሰው ናት። ብትጠፋ ግን ጠፋች፤ ወድቃ ውኃ ውስጥ ብትገባም እንደዚሁ። በኋላ መሣሪያዎቹ ሃርድ ዲስክ በሆዳቸው ይዘው መጡ። ዩኤስቢ ፍላሽም ተራውን አገኘ። ለምሳሌ ኤክስቦክስ 360 በ2005 ሲወጣ ሴቭ በፍላሽ ላይ አያስቀምጥም ነበር፤ በሚያዝያ 2010 በተደረገ ማሻሻያ ግን ከ1 እስከ 16 ጊጋባይት የሚደርስ ፍላሽ ተፈቀደለት።

አምራቾቹ ሴቭን በአካውንት የሚቈልፉት ያለ ምክንያት ነው አንልም። በ2008 «ትዋይላይት ሃክ» የሚባል ዘዴ ወጥቶ ነበር። በኤስዲ ካርድ ላይ ተለውጦ የተሠራ የዜልዳ ጨዋታ ሴቭ ወደ ዊ መሣሪያ ሲገባ፣ መሣሪያው ያልተፈቀደ ፕሮግራም እንዲቀበል ያደርገው ነበር። ሴቭ ተራ ፋይል መስሎ በር ሊከፍት ይችላል ማለት ነው። ይህ ቢሆንም ቍልፉ የሚከብደው ሌባውን ብቻ አይደለም፤ መሣሪያው የተቃጠለበትን ምስኪንም ነው።

አሁን ወደ አሠራሩ እንግባ። በፕሌይስቴሽን 4 ላይ ሁለት የተለያዩ ሥራዎች አሉ፤ ብዙ ሰው ያምታታቸዋል። አንደኛው ሴቩን ብቻ መገልበጥ ነው። «ሴቲንግስ» ገብቶ «አፕሊኬሽን ሴቭድ ዳታ ማኔጅመንት»፣ ቀጥሎ «ሴቭድ ዳታ ኢን ሲስተም ስቶሬጅ»፣ ከዚያ ወደ ዩኤስቢ «ኮፒ» የሚለውን መምረጥ ነው። የሚፈለገውን ጨዋታ ምልክት አድርጎ በጆይስቲኩ ማዘዝ ብቻ ይቀራል። የሴቭ ፋይል ብዙውን ጊዜ በሜጋባይት የሚቈጠር ስለ ሆነ ማንኛውም ፍላሽ ይበቃዋል፤ ሥራውም ሻይ ሳይቀዘቅዝ ያልቃል። ሁለተኛው ሥራ «ሲስተም» ውስጥ ባለው «ባክ አፕ ኤንድ ሪስቶር» የመሣሪያውን ሁለንተና መያዝ ነው። ጨዋታው፣ ሴቩ፣ ሥዕሉ፣ ቅንብሩ ሁሉ አብሮ ይሄዳል። ትሮፊዎች ብቻ ከዚህ ውጭ ናቸው፤ እነርሱን አስቀድሞ ከኔትወርኩ ጋር ማመሳሰል ያስፈልጋል። ደግሞም «ሪስቶር» ሲደረግ በመሣሪያው ላይ ያለው ነገር ሁሉ ተጠርጎ የባክአፑ ይተካበታል። ሰው ይህን ሳያውቅ በጓደኛው ፕሌይስቴሽን ላይ ቢሞክረው ጓደኛ ያጣል።

ከሁለቱ የቱ ይሻላል? እኛ በዚህ አገር ኹኔታ በየሳምንቱ የሚደረገው ሴቭ መገልበጥ ነው እንላለን። ሒሳቡን ተመልከቱ። መሣሪያው 400 ጊጋባይት ይዟል እንበል። በሴኮንድ 30 ሜጋባይት በሚጽፍ ዲስክ ሥራው ከ3 ሰዓት ተኩል በላይ ይፈጃል፤ በሴኮንድ 100 ሜጋባይት በሚጽፍ ደግሞ ከአንድ ሰዓት ጥቂት ይበልጣል። በዚያ ሁሉ ጊዜ መጫወት አይቻልም፤ መብራትም መጥፋት የለበትም። ሦስት ሰዓት ተኩል መብራት እንደማይጠፋ ዋስ የሚሆነን ካለ ከዚህ አዳራሽ ይነሣና ይናገር። ይሁን እንጂ ሙሉው ባክአፕ ከንቱ ነው ማለታችን አይደለም። በእኛ ኢንተርኔት 40 ወይም 50 ጊጋባይት የሆነን ጨዋታ እንደገና ማውረድ ቀላል አይደለም፤ አንዳንዱም ፈጽሞ አይገኝም። «ፒ.ቲ.» የተባለው የኮናሚ አጭር ጨዋታ በነሐሴ 2014 በነጻ ወጥቶ በሚያዝያ 2015 ከመደብሩ ተነሥቷል። በዲስካቸው ላይ ያቆዩት ሰዎች አላቸው፤ የሰረዙት እንደገና ሊያወርዱት አልቻሉም። ስለዚህ ሙሉውን በሴሚስተር አንድ ጊዜ፣ ዩፒኤስ ባለበት ክፍል፤ ሴቩን በየሳምንቱ።

ስለ ፍላሹም ጥቂት እንበል። ፕሌይስቴሽን 4 የሚያነበው በፋት 32 ወይም በኤክስፋት ፎርማት የተደረገውን ነው፤ ብዙው የዊንዶውስ ዲስክ የሚመጣበትን ኤንቲኤፍኤስ አያውቀውም። «ፍላሼን አልቀበል አለኝ» እያላችሁ የምታመጡልን አቤቱታ አብዛኛው ይኸው ነው። ፎርማት ሲደረግ ደግሞ በውስጡ ያለው ይጠፋልና አስቀድማችሁ አውጡ። ሴቩ ከተገለበጠ በኋላ ፍላሹን በኮምፒዩተር ብትከፍቱ «ፒኤስ 4» የሚል ፎልደር፣ በውስጡ «ሴቭዳታ» የሚል፣ በዚያም ውስጥ 16 ፊደልና ቍጥር የተደረደረበት ፎልደር ታገኛላችሁ። ያ የአካውንቱ መለያ ነው። ስሙን አትለውጡ፤ ከቦታውም አታንቀሳቅሱ። ከዚህም በቀር የሴቭ ፍላሽ ወደ ፎቶ ኮፒ ቤት አይወሰድ። የፎቶ ኮፒ ቤት ኮምፒዩተሮች ቫይረስ ፕሌይስቴሽኑን አይነካውም፤ ነገር ግን ፎልደሩን ይደብቃል፤ ልጁም «ቫይረስ አለበት፤ ላጽዳልህ?» ይላል፤ እናንተም ቸኩላችሁ «እሺ» ትላላችሁ።

ከሁሉ የከፋው ስሕተት ግን ሌላ ነው። ከመጋቢት 2017 ጀምሮ ፕሌይስቴሽን 4 ከ250 ጊጋባይት እስከ 8 ቴራባይት የሚይዝ የዩኤስቢ 3 ዲስክ «ኤክስቴንድድ ስቶሬጅ» አድርጎ ይቀበላል። ጨዋታዎቹ ወደዚያ ይሄዳሉ። ሰውም ዲስኩን ነቅሎ በመሳቢያ ውስጥ ቈልፎ «ሁሉ ነገር እኔ ጋ ነው» ብሎ ይተኛል። ሴቩ ግን አንድም ቀን ወደዚያ ዲስክ አልሄደም፤ ከመሣሪያው ሆድ አይወጣም። ዲስኩ የያዘው ከመደብር ወይም ከሲዲ እንደገና የሚገኘውን ጨዋታ ነው፤ የማይተካው ያለው ሌላ ቦታ ነው።

የፊፋ ተጫዋቾች ደግሞ ይህን ልብ በሉ። «ካሪየር» በሴቭ ፋይል የሚቀመጥ ስለ ሆነ በፍላሽ ይድናል። «አልቲሜት ቲም» ግን በአምራቹ ሰርቨር ላይ ነው የሚኖረው፤ በፍላሽ ልታድኑት አትችሉም፤ መሣሪያው ቢቃጠልም አይጠፋባችሁም።

አዲሶቹን መሣሪያዎች በአጭሩ እንለፋቸው። በ2020 የወጣው ፕሌይስቴሽን 5 የፕሌይስቴሽን 4 ጨዋታዎችን ሴቭ በፍላሽ ያስገለብጣል፤ የራሱን ጨዋታዎች ሴቭ ግን ለየብቻ አያስገለብጥም። ለእነርሱ ያለው መንገድ በክፍያ የሚገኘው የደመና ማከማቻ ወይም ሙሉው ባክአፕ ነው። በ2017 የወጣው ኒንቴንዶ ስዊች ጭራሹን ሴቭ ወደ ዩኤስቢም ሆነ ወደ ሜሞሪ ካርድ አያወጣም፤ ከመስከረም 2018 ወዲህ ያለው የደመና አገልግሎትም ክፍያ ይጠይቃል። በኪስ ይዞ መሄድ የሚባለው ነገር እየቀረ ነው። እኛ ይህን አንወደውም፤ የፍላሽ ወዳጆች መሆናችንን አንደብቅም።

አሁን ወደሚያከራክረው ደረስን። አካውንት የግድ ከሆነ ኅብረቱ አንድ ይክፈት ብለን ለሥራ አስፈጻሚው ሐሳብ አቅርበን ነበር። ኢሜይሉ የኅብረቱ እንጂ የግለሰብ አይሁን፤ የይለፍ ቃሉም በታሸገ ፖስታ በጸሐፊው እጅ ይቀመጥ፤ ጸሐፊ ሲለወጥ ይለወጥ የሚል ነው። የገጠመን ችግር አካውንት ሲከፈት አገር የሚጠየቅ መሆኑ ነው። በግንቦት 2024 «ሄልዳይቨርስ 2» የተባለው ጨዋታ በኮምፒዩተር ለሚጫወቱት ሁሉ ይህን አካውንት ግዴታ ሊያደርግ በተነሣ ጊዜ ትልቅ ተቃውሞ ተነሥቶ ውሳኔው ተሽሯል፤ ያን ጊዜ አገልግሎቱ በይፋ ከማይሰጥባቸው ከ170 የሚበልጡ አገሮችና ግዛቶች አንዷ ኢትዮጵያ ነበረች። ስለዚህ እዚህ ያለ ሰው ሁሉ የሌላ አገር ስም መርጦ ነው የሚገባው። አንዱ የኮሚቴ አባላችን «ኅብረቱ በስሙ ሐሰት አይጽፍም» ብሎ አጥብቆ ተቃውሟል። ሌላው «እንግዲያው ሌላ ዘጠኝ ወቅት እንቅበር?» ብሎ መልሶለታል። በመጨረሻ የተስማማነው አካውንቱ በውጭ አገር በሚኖር አንድ የቀድሞ ተማሪያችን፣ በሚኖርበት አገር ስም፣ በኅብረቱ ኢሜይል እንዲከፈት ነው። ፍጹም መፍትሔ አይደለም፤ ዳግመኛ በአንድ ሰው ላይ መንጠልጠል እንደሆነም እናውቃለን። የተሻለ ሐሳብ ያለው ዛሬ ማታ ይንገረን።

አንድ መምህራችን «ለጨዋታ ይህን ያህል መጨነቅ ይገባል?» ሲሉ በትሕትና ጠይቀውናል። በአንድ ወቅት ከ38 የማያንስ የሊግ ግጥሚያ አለ፤ እያንዳንዱ 12 ደቂቃ ቢወስድ ዘጠኙ ወቅት ከ68 ሰዓት ይበልጣል፤ ይህም የዋንጫው ግጥሚያና በተጫዋች ግዥ የተደረገው ክርክር ሳይቈጠር ነው። ጊዜው በጥናት ቢያልፍ ይሻል እንደ ነበር አንከራከርም። ነገር ግን እኚሁ መምህር በማግሥቱ የአንድ ተመራቂ የጥናት ጽሑፍ በአንዲት ፍላሽ ላይ ብቻ እንዳለ ሲሰሙ በጣም ተቈጡ። ተማሪውም ወደ እኛ መጥቶ ሁለተኛ ቅጂ አስወሰደ፤ በሌላ ኮምፒዩተር ላይ ከፍተንም የመጨረሻው ገጽ መኖሩን አረጋገጥንለት። እኛ ከገና በፊት ባክአፕ ስናደርግ ያላደረግነው ይኸንኑ ነበር። በሰው ፕሌይስቴሽን ላይ ሙሉውን «ሪስቶር» ባንሞክር እንኳ፣ የሦስተኛውን ሕንጻ ሴቭ በፍላሽ ይዘን አምስተኛው ሕንጻ ሄደን «ይከፈታል?» ብለን ብንጠይቅ ኖሮ፣ እንደማይከፈት መሣሪያው ገና ሕያው ሳለ እናውቅ ነበር። ያን ጊዜ «ሦስተኛ ሕንጻ»ን ከአንድ አካውንት ጋር ማያያዝ የጥቂት ደቂቃ ሥራ ነበር።

የሦስተኛው ሕንጻ ጓደኞቻችን ባለፈው ሳምንት ታርቀውናል። ያንኑ ትንሽ ክለብ ከአራተኛው ደረጃ እንደገና ጀምረዋል፤ እስካሁን ስድስት ተጫውተው አራት ተሸንፈዋል። በበሩ ጀርባ የነበረውንም የድሮውን ዝርዝር አላነሡትም፤ አዲሱን ከጎኑ ለጥፈውታል። ሴቩ በየእሑዱ ማታ በሁለት ፍላሽ ይገለበጣል፤ አንዱ በኮሚቴው ሣጥን፣ ሌላው በእነርሱ ዘንድ ይቀመጣል፤ ቀኑም በደብተር ይጻፋል።

የፊታችን ቅዳሜ ከቀኑ 8 ሰዓት እስከ 11 ሰዓት በመዝናኛ ክፍሉ እንገኛለን። የራሱ ፕሌይስቴሽን ያለው ይዞት ይምጣ፤ ባዶ ፍላሽና የአካውንቱን የይለፍ ቃል ደግሞ አይርሳ። የይለፍ ቃሉን ለእኛ አትንገሩን፤ ራሳችሁ ጻፉት። መብራት ከጠፋ ለእሑድ ይተላለፋል። አሁን ጥያቄ ያላችሁ ጠይቁን።